ከአሜሪካ የመጣ ጋላክሲ ኤስ9 ላይ የሌላ ሞዴል ፈርምዌር ብጭን ሲሙ ይከፈታል?

የሐዋሳው ተማሪ — ሐሙስ፣ ማታ 2፡10

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። እህቴ ከቨርጂኒያ ጋላክሲ ኤስ9 ላከችልኝ። የሞዴል ቁጥሩ ኤስኤም-ጂ960ዩ ይላል። ስልኩ ጭረት እንኳ የለውም። ግን የኢትዮ ቴሌኮም ሲም ሳስገባበት የኔትወርክ መክፈቻ ቁጥር ይጠይቀኛል። ሲበራ የአሜሪካው የስልክ ኩባንያ የኤቲ ኤንድ ቲ አርማ ይመጣል። የማልጠቀምባቸው አፖችም ሞልተውበታል፣ አጥፋቸው ብል አይጠፉም።

ዩቲዩብ ላይ አንድ ሰው የዓለም አቀፉን ሞዴል፣ የጂ960ኤፍን ፈርምዌር (ስልኩን የሚያሠራውን ሶፍትዌር) ኦዲን በሚባለው የሳምሰንግ መጫኛ ፕሮግራም ሲጭን አየሁ። አርማው ጠፋ፣ ስልኩ ጥርት አለ። አንድሮይድ 12 ያስገቡበትም አሉ። እኔም የኤፍን ፋይል አውርጄ አስቀምጫለሁ። ሰፈር ያለው ጠጋኝ ደግሞ «አምጣው፣ በቦክስ እሠራልሃለሁ፣ ምንም አይሆንም» እያለኝ ነው፤ ቦክስ የሚለው ጠጋኞች ሶፍትዌር የሚጭኑበትን መሣሪያ ነው።

የምጠይቃችሁ ሁለት ነገር ነው። የኤፍን ፈርምዌር ብጭን ሲሙ ይከፈታል ወይ? ስልኩስ ሊሞት ይችላል ወይ? እህቴ ለፍታ የገዛችው ስለሆነ እንዲበላሽብኝ አልፈልግም።

የቦርድ ሰው — ሐሙስ፣ ማታ 2፡55

ወንድሜ፣ ኬብል ከመሰካትህ በፊት መጠየቅህ ጥሩ ነው። ሲሙ አይከፈትም። ለምን እንደማይከፈት ግን ላስረዳህ፤ ነገ ሌላ ስልክ ሲገጥምህም ይጠቅምሃል።

ኤስ9 ሲባል አንድ ስልክ ይመስላል እንጂ አንድ አይደለም። ጂ960ኤፍ የሚሠራው ሳምሰንግ ራሱ በሚሠራው ኤክሲኖስ 9810 ቺፕ ነው። ያንተ ጂ960ዩ ውስጡ የኳልኮም ስናፕድራጎን 845 አለው። ስክሪኑ፣ መስታወቱ፣ ካሜራው የተቀመጠበት ቦታ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው። ከፍተህ ቦርዱን ስታየው ግን ሌላ ማሽን ነው።

ፈርምዌር ደግሞ እንደ አፕ በላዩ የሚቀመጥ ነገር አይደለም። ስልኩ ሲበራ ቀድሞ የሚነሣው ቡትሎደር እዚያ ውስጥ ነው። ሞደሙን የሚያንቀሳቅሰው ክፍል እዚያ ነው። ለስክሪኑ፣ ለካሜራው፣ ለባትሪ አሞላሉና ለሙቀቱ ትእዛዝ የሚሰጠውም እዚያው ነው። ለኤክሲኖስ የተጻፈ ቡትሎደር ስናፕድራጎን ላይ ሊነሣ አይችልም።

በኦዲን ብትሞክረው ስልኩ ራሱ እምቢ ይልሃል። የሳምሰንግ ፋይሎች ፊርማ አላቸው፤ ቡትሎደሩ ፊርማውንና ሞዴሉን ይፈትሻል። ካልገጠመ ኦዲን ላይ ቀይ «ፌይል» ይወጣና ሥራው ይቆማል። አንዳንዴ ከዚያ በኋላ ስልኩ ሲነሣ «ሶፍትዌር ሲታደስ ስህተት ተፈጥሯል» የሚል ጽሑፍ ላይ ይቀራል። ብዙ ሰው ይህን ሲያይ ስልኬ ሞተ ብሎ ይደነግጣል። አልሞተም። የራሱን የጂ960ዩ ፋይል ስትሰጠው ብዙ ጊዜ ይመለሳል። ሰዎች ቡትሎደሩ ተቆልፎብናል ብለው ይበሳጫሉ፤ እዚህ ላይ ግን ስልኩን ያተረፈው ያ ቁልፍ ነው።

ወደ ሲሙ ስንመጣ፣ ሲም ሎኩ፣ ማለትም ስልኩ የሌላ ኩባንያ ሲም እንዳይቀበል የሚያደርገው ቁልፍ፣ ያለው በምታወርደው ፋይል ውስጥ አይደለም። ስልኩ ውስጥ በተጠበቀ ቦታ፣ ከአይኤምኢአይ ቁጥሩ፣ ማለትም ከስልኩ መለያ ቁጥር ጋር ተያይዞ ተቀምጧል። ሲስተሙን ደጋግመህ ብትቀይረው እሱ ንክች አይልም።

ዲሲ ነዋሪ — ሐሙስ፣ ማታ 4፡30

የሲሙ ነገር ከባድ አይደለም፤ መፍትሔው ግን አንተ ጋር ሳይሆን እህትህ ጋር ነው ያለው። ኤቲ ኤንድ ቲ ስልክ የሚያስከፍቱበት ድረ ገጽ አለው። *#06# ደውለህ የሚወጣውን የአይኤምኢአይ ቁጥር ላክላት፣ እሷ እዚያ ታስገባዋለች። ስልኩ ዕዳው ተከፍሎ ያለቀ መሆን አለበት። ጠፍቷል ወይም ተሰርቋል ተብሎ የተመዘገበ መሆን የለበትም። በወር ክፍያ የተወሰደ ከሆነ ደግሞ ቢያንስ 60 ቀን በመስመራቸው የሠራ መሆን አለበት። ደንበኛ ያልሆነ ሰውም መጠየቅ ይችላል። ካለፈ የመክፈቻ ቁጥሩን ከነአሠራሩ በኢሜይል ይልኩላታል። በነጻ ነው።

አንድ ነገር ልጨምርልህ። እህትህ የራሷን ጎግል አካውንት ከስልኩ ላይ አውጥታዋለች? ካላወጣችው ፍላሽ ብታደርገው (ፈርምዌር ብትጭንበት) ወይም ከሴቲንግ ውጭ ሪሴት ብታደርገው፣ ሲነሣ የእሷን ኢሜይልና የይለፍ ቃል ይጠይቅሃል። ከአንድሮይድ 5.1 ጀምሮ እንዲህ ነው። እኛ ከዚህ ስልክ የምንልክ ሰዎች ሻንጣ ውስጥ ከመክተታችን በፊት እነዚህን ሁለት ነገሮች ብንጨርስ አገር ቤት ያለው ሰው ባልተንከራተተ ነበር።

ሁሌ ሞካሪ — ሐሙስ፣ ማታ 5፡05

የቦርድ ሰው ያለው እውነት ነው፤ ግን «የሌላ ሞዴል ፈርምዌር አይሠራም» ተብሎ እንዳይደመደም። እኔ ጂ960ዩ ላይ የጂ960ዩ1ን ፈርምዌር ጭኜ እየተጠቀምኩ ነው። ዩ1 ማለት አሜሪካ ውስጥ የስልክ ኩባንያ ቁልፍ ሳይኖረው የሚሸጠው ነው። አርማው ጠፋ፣ የኩባንያ አፖቹ ጠፉ፣ ባትሪውም የተሻለ መሰለኝ። የተለመደው ኦዲን ስላልተቀበለኝ ለዚሁ ተብሎ የተስተካከለ ኦዲን ተጠቅሜያለሁ። የእኔ ስልክ ግን ሲሙ ቀድሞ የተከፈተ ነበር።

የቦርድ ሰው — ዓርብ፣ ጠዋት 1፡20

ሁሌ ሞካሪ ልክ ነው። ጥሩ አድርጎም አነሣው፤ የነገሩ ቁልፍ እዚህ ጋ ነው። ዩ እና ዩ1 በስም ይለያያሉ እንጂ ቦርዳቸው አንድ ነው። ቺፑ አንድ፣ ሞደሙ አንድ። ኤፍ እና ዩ ግን ስማቸው ይቀራረባል እንጂ ሆዳቸው አይገናኝም። ስለዚህ «የሌላ ሞዴል» ስትሉኝ መጀመሪያ የምጠይቃችሁ ቺፑንና ቦርዱን ነው። የንግድ ስሙን አላይም።

ዩ1 ስትጭን ዳታህ ሁሉ እንደሚጠፋ እወቅ። ሲም ሎኩም እንዳለ ይቆያል። ስለዚህ ቅደም ተከተሉ ይህ ነው፤ መጀመሪያ ሲሙን አስከፍት፣ ከዚያ አርማው በጣም ካስጠላህ ብቻ ወደ ዩ1 ሂድ።

ሌላው መታየት ያለበት የቡትሎደሩ ቁጥር ነው። ሴቲንግ ውስጥ ስለ ስልኩ በሚለው ክፍል የቤዝባንድ ስሪቱን አንብብ። ከመጨረሻው ወደ ኋላ ስትቆጥር አምስተኛው ላይ ያለው ቁጥር ወይም ፊደል ነው የሚፈለገው። በምትጭነው ፋይል ስም ላይም ያንኑ ቦታ እይ። የፋይሉ ከስልኩ ካነሰ ኦዲን አይሄድም፤ ስልኩ ስክሪን ላይ በደቃቃ ቀይ ፊደል «ኤስ ደብሊው ሬቭ ቼክ ፌይል፣ ዲቫይስ 7፣ ባይነሪ 5» የሚል ዓይነት ነገር ይጽፍልሃል። የስልኩ ደረጃ 7 ነው፣ ያመጣኸው ፋይል 5 ነው ማለቱ ነው። ይህ ቁጥር ወደ ላይ ብቻ ነው የሚሄደው። አንዴ ከፍ ካለ የሚመልሰው ቦክስ የለም። ብዙ ሰው «የድሮው አንድሮይድ ይፈጥን ነበር፣ ልመልሰው» ብሎ እዚህ ላይ ይቆማል።

ስለ አንድሮይድ 12ም ላንሣ። ሳምሰንግ ለኤስ9 በይፋ የሰጠው የመጨረሻው አንድሮይድ 10 ነው። ዩቲዩብ ላይ ከዚያ በላይ ያየኸው እንደ ሊኒኤጅ ኦኤስ ያለ በፈቃደኞች የሚሠራ ሲስተም ነው። ያ የሚገባው ቡትሎደሩ ሊከፈት በሚችል ኤፍ ላይ ነው። የአሜሪካው ዩ ቡትሎደሩ ተቆልፎ ነው የሚወጣው፣ ባለቤቱ የሚከፍትበት መንገድም አልተሰጠውም። ቪዲዮውን የሠራው ሰው አልዋሸም፤ የያዘው ስልክ ግን ያንተ አይደለም።

የመርካቶ ጠጋኝ — ዓርብ፣ ከሰዓት 8፡15

እኔ መርካቶ ሞባይል እጠግናለሁ። ሳምሰንግ ላይ ስላለው ክርክር ብዙ አልልም፣ ሳምሰንግ ራሱን ይጠብቃል። የሚያሳስበኝ ሚዲያቴክ ቺፕ ያላቸው ስልኮች ናቸው። እኛ ጋ በብዛት የሚመጡት ቴክኖ፣ ኢንፊኒክስና አይቴል ናቸው፤ ብዙዎቹ በሚዲያቴክ ወይም በዩኒሶክ ይሠራሉ። በተለይ የቆዩት ሞዴሎች ፊርማ የሚፈትሽ ጥብቅ ጠባቂ የላቸውም። ቦክሱ ያዘዝከውን ሁሉ ይጽፋል። ልክ ይሁን አይሁን አይጠይቅህም።

በቅርቡ አንድ አባት የልጃቸውን ስልክ ይዘውልኝ መጡ። ሌላ ቦታ «ፋይል ተጭኖለት» ነበር። ስሙ አንድ የሆነ ስልክ ፋይል ነው የተጫነው፤ የቦርዱ ስሪት ግን ሌላ ነው። ስልኩ ይበራል፣ ድምፅ ያሰማል፣ ስክሪኑ ነጭ ሆኖ ይቀራል። ለምን መሰላችሁ? ፋብሪካው በአንድ የንግድ ስም ሥር የተለያየ አምራች ስክሪን ይገጥማል። ስክሪኑን የሚያስነሣው ድራይቨር ፋይሉ ውስጥ ነው ያለው። የማያውቀው ስክሪን ሲገጥመው መብራቱን ብቻ አብርቶ ዝም ይላል። ስክሪኑ ቢነሣ እንኳ ታቹ እምቢ የሚልበት፣ ወይም ግራ ስትነካው ቀኝ የሚመልስበት ጊዜ አለ።

የስክሪኑ ችግር ትክክለኛው ፋይል ሲገኝ ተስተካከለ። የማይስተካከለው ሌላው ነው። ሲነሣ ሲም አያነብም። *#06# ስደውል አይኤምኢአዩ የለም። ዋይፋይ ስከፍት ከጎረቤት ዋይፋዮች መካከል «ኤንቪራም ዋርኒንግ፣ ኢአርአር 0ኤክስ10» የሚል ስም ተደርድሮ አየሁ። ይህን ስም ያየ ጠጋኝ ምን እንደተፈጠረ ወዲያው ያውቃል። ሚዲያቴክ ስልክ ላይ ፋይል በሚጭነው ፕሮግራም፣ በኤስፒ ፍላሽ ቱል ላይ «ፎርማት ኦል ፕላስ ዳውንሎድ» የሚለው ተመርጧል ማለት ነው። ያ ትእዛዝ ኤንቪራም የሚባለውን ክፍል ጨምሮ ሁሉንም ይጠርጋል። አይኤምኢአዩ እዚያ ነበር። የዋይፋይና የብሉቱዝ አድራሻዎቹ እዚያ ነበሩ። ሰው የማያውቀው ደግሞ የሬዲዮው ልኬት እዚያ ነበር።

ልኬቱ ላይ ትንሽ ልቆይ። ፋብሪካ ውስጥ እያንዳንዱ ስልክ ለብቻው ይለካል። ይህ አንቴና በዚህ ድግግሞሽ ላይ ይህን ያህል ኃይል ይፈልጋል ተብሎ ተመዝግቦ ኤንቪራም ውስጥ ይቀመጣል። የአንዱ ስልክ ቁጥር ለሌላው አይሆንም። ስለዚህ አይኤምኢአዩን መልሶ የጻፈልህ ሰው ቢኖር እንኳ ልኬቱ አይመለስም። ስልኩ ሌላው ሰው አራት መስመር በሚያይበት ቦታ አንድ መስመር ያሳያል። ኔትወርክ ሲፈልግ ባትሪ ይጨርሳል፣ ይሞቃል። ባለቤቱ ኔትወርኩን ይረግማል። ባክአፕ ተይዞ ቢሆን ኖሮ ጉዳዩ የደቂቃዎች ሥራ ነበር።

ሌላው ፕሪሎደር ነው። ሚዲያቴክ ላይ መጀመሪያ የሚነሣው ትንሽ ፕሮግራም ነው፤ ራሙን እንዴት እንደሚያስነሣ የተጻፈውም እዚያ ላይ ነው። ራሙ ሌላ ሆኖ ፕሪሎደሩ ሲቀየር ስልኩ ቻርጅ ላይ ተሰክቶ እንኳ ምልክት አይሰጥም። ስክሪን የለ፣ ንዝረት የለ። ተከፍቶ ቦርዱ ላይ ቴስት ፖይንት በሽቦ ነክተህ ነው ኮምፒውተር እንዲያየው የምታደርገው። ለዚህ ነው እኔ ፍላሽ ሳደርግ መጀመሪያ ያለውን አንብቤ የማስቀምጠው። ከዚያ «ዳውንሎድ ኦንሊ» እመርጣለሁ፣ ፕሪሎደሩ ላይ ያለውን ምልክት አነሣለሁ። ደንበኛው ቢቸኩልም ይጠብቃል።

የሐዋሳው ተማሪ «በቦክስ እሠራልሃለሁ፣ ምንም አይሆንም» ላለህ ሰው አንድ ጥያቄ ጠይቀው፤ «ከመጀመርህ በፊት ባክአፕ ትይዛለህ?» በለው። መልሱን ሰምተህ ወስን።

ሪያድ ያለች — ዓርብ፣ ማታ 3፡00

የመርካቶው ወንድማችን እግዚአብሔር ይስጥልን፣ በደንብ ነው ያስረዳኸን። የእኔን ልንገራችሁ። እዚህ ካለ አንድ ሱቅ የሻዮሚን ሬድሚ ገዛሁ። ሳጥኑ ላይ የቻይና ጽሑፍ አለ፣ ሲስተሙ ግን እንግሊዝኛና ዓረብኛ ነው፣ ፕሌይ ስቶርም አለው። ሱቁ ለቻይና የተሠራን ስልክ ቡትሎደሩን ከፍቶ የዓለም አቀፉን ሲስተም እንደጫነበት አልነገረኝም። ብር የምልክበት አፕ «ስልክዎ አስተማማኝ አይደለም» አለኝ። የሚያውቅ ሰው አለና «ቡትሎደሩ ክፍት ስለሆነ ነው፣ ዝጊው» አለኝ። ሲዘጋ ስልኩ አልነሣም። «ይህ ኤምአይዩአይ በዚህ ስልክ ላይ ሊጫን አይችልም» የሚል ቀይ ጽሑፍ ብቻ፤ ኤምአይዩአይ የሻዮሚ ሲስተም ስም ነው። የልጄ ፎቶዎች ሁሉ እዚያ ላይ ነበሩ። ይህ የሚመለስበት መንገድ አለ?

የቦርድ ሰው — ዓርብ፣ ማታ 3፡40

እህቴ፣ በጣም አዝናለሁ። ፎቶዎቹ ጎግል ፎቶስ ላይ ተቀምጠው እንደሆነ በሌላ ስልክ ገብተሽ እዪ፤ ካልሆነ ግን ቡትሎደር ሲዘጋ ስልኩ ዳታውን ስለሚያጠፋ ከስልኩ ላይ አይገኙም።

ስልኩ ራሱ ይነሣል። ለቻይና ለተሠራ ስልክ ቡትሎደሩ ተዘግቶ የሚቀበለው የቻይናን ሲስተም ብቻ ነው። የዓለም አቀፉ የሚሠራው ክፍት እስከሆነ ድረስ ብቻ ነው። ሱቁ ሲሸጥልሽ ይህን መናገር ነበረበት፤ ደረሰኝ ካለሽ መልሰሽ ጠይቂው፣ መብትሽ ነው። ለሌላ ሰው ከሰጠሽው ደግሞ የሚጭነው ፋይል ከነበረው እንዳያንስ አስጠንቅቂው። ሻዮሚ በ2018 እ.ኤ.አ. ሬድሚ ኖት 5 ላይ ወደ ኋላ መመለስ የሚከለክል ጥበቃ ሲያስገባ የድሮ ፋይል የጫኑ ብዙ ሰዎች ስልካቸው ጭራሽ ጠፍቶባቸዋል። ከዚያ ለማስነሣት የኳልኮም ቺፕ የአደጋ ጊዜ መጫኛ የሆነው 9008 ሞድ ያስፈልጋል፤ ያ ደግሞ ፈቃድ ያለው አካውንት ይጠይቃል።

ለንደን ነኝ — ቅዳሜ፣ ጠዋት 4፡10

ስለ ኔትወርክም ልጨምር። እዚህ የቻይና ሻዮሚ በርካሽ የገዙ ጓደኞች አሉኝ። ብዙዎቹ ሞዴሎች ባንድ 20 የላቸውም። 800 ሜጋኸርዝ ነው፤ አውሮፓ ውስጥ ቤት ውስጥና ከከተማ ወጣ ሲባል የሚይዘው እሱ ነው። የዓለም አቀፉን ሲስተም ጫኑ፣ ሜኑ ላይ ሁሉም ነገር አውሮፓዊ ሆነ፤ ባንድ 20 ግን አልመጣም። ፊልተሩና ማጉያው ቦርዱ ላይ ካልተሸጠ ሶፍትዌር ከየት ያመጣዋል?

የአይኤምኢአይ ነገር ላይም ጠንቀቅ በሉ። እንግሊዝ ውስጥ የስልክ መለያ ቁጥር መቀየር ከ2002 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሕግ ወንጀል ነው። የራሱን የጠፋ ቁጥር መመለስና የሌላ ስልክ ቁጥር መለጠፍ አንድ አይደሉም፤ ጠጋኝ ግን ሥራ እንዲያልቅለት ያገኘውን ቁጥር ሊጽፍ ይችላል። ነገ ያ ቁጥር የተሰረቀ ስልክ ሆኖ ቢገኝ ጥያቄው ስልኩን ወደያዘው ሰው ሊመጣ ይችላል። የካርቶኑን ጀርባ ፎቶ አንሥታችሁ አስቀምጡ፣ ትክክለኛው ቁጥር እዚያ ላይ አለ።

የሐዋሳው ተማሪ — ቅዳሜ፣ ከሰዓት 9፡00

ሁላችሁንም በጣም አመሰግናለሁ። የኤፍን ፋይል አጠፋሁት። ለእህቴም ደውዬ ቁጥሩን ልኬላታለሁ፤ የጎግል አካውንቷንም ከራሷ በኩል እያወጣችው ነው። ጋሼ የቦርድ ሰው፣ አንድ ጥያቄ ብቻ ቀረኝ። ዩ1ን ብጭን ኖክስ የሚባለው የሳምሰንግ ጥበቃ ይቃጠላል ሲሉ ሰማሁ። እውነት ነው? የግል ፋይል የሚቆለፍበትን ሴኪዩር ፎልደር መጠቀም እፈልጋለሁ።

የቦርድ ሰው — ቅዳሜ፣ ማታ 1፡30

ዩ1 የሳምሰንግ ፊርማ ያለው ፋይል ስለሆነ ኖክስን አይነካውም። ኖክስ የሚቃጠለው ፊርማ የሌለው ነገር ሲጫን ነው፤ ሩት (ሲስተሙን ሙሉ በሙሉ የመቆጣጠር ፈቃድ) ወይም የተቀየረ ሪከቨሪ ማለት ነው። ያኔ ዳውንሎድ ሞድ ላይ 0ኤክስ0 የነበረው 0ኤክስ1 ይሆናል። ቦርዱ ውስጥ ያለ ፊውዝ ስለሆነ አይመለስም፤ ሴኪዩር ፎልደርም ሳምሰንግ ፔይም በዚያ ስልክ ላይ ያከትማሉ። ስልኩ ላይ አሁን ያለውን ቁጥር ጽፈህ ያዝ፣ ያገለገለ ስልክ ስለሆነ ማወቁ ይጠቅምሃል።

አዲስ ገቢ — እሑድ፣ ጠዋት 3፡45

እኔም ተመሳሳይ ስልክ አለኝ፤ ግን የኤስ9 ፕላስ ነው፣ ጂ965ዩ። ቺፑ አንድ ነው ብላችኋልና የጂ960ዩ1ን ፋይል መጠቀም እችላለሁ?

የቦርድ ሰው — እሑድ፣ ጠዋት 5፡10

አትችልም። ቺፑ አንድ ነው፣ ቦርዱ ግን ሌላ ነው። የፕላሱ ስክሪን ትልቅ ነው፣ ባትሪው ሌላ ነው፣ ከኋላም ሁለት ካሜራ አለው። ፋይሉም የተፈረመው ለጂ960 ነው። ላንተ የሚሆነው የጂ965ዩ1 ፋይል ነው። አምስተኛውን ቁጥር አስተያይና ከስልክህ ያላነሰውን አውርድ። የስልክህን የቤዝባንድ ስሪት እዚህ ጻፍልኝና አብረን እናየዋለን።